ቢርቢርሳ የማን ልጅ ነው

አማቴ ኦቦ ቀጄላ ለልጄ የዛፍ ስም አወጡለት፤ እናቴ ደግሞ ያ ስም የሚጠራበትን ቤት ደጃፍ አልረግጥም አለች። በዚህ የተነሳ ልጁ ሦስት ሳምንት ሊሞላው ሲል ገና ስም አልነበረውም። ባለቤቴ ኢፋ «ህፃኑ» ይለው ነበር። እናቴ እሷ በመረጠችው ስም «ሚሳኤል» ትለዋለች። እኔ ምንም አልለውም፤ ሲያለቅስ አነሳዋለሁ።

አማቴ ያመጡት ስም ቢርቢርሳ ነው። በኦሮምኛ ዝግባ ማለት ነው። ከመካኒሳ አቦ እኛ ወዳለንበት ነፋስ ስልክ የመጡት በወለድኩ በሳምንቱ ነበር። መኝታ ቤቱ በር ላይ ቆሙ። እንኳን ማርያም ማረችሽ አላሉም፣ ልጁንም አላቀፉትም። አንገታቸውን ብቻ አስገብተው አልጋው ላይ የተኛውን ልጅ አዩና፣

«ይሄን ልጅ እዚህ ማን አስቀመጠው?» አሉ።

ሁላችንም ሳቅን። ቀልድ መስሎን ነው። እሳቸው ግን አልሳቁም።

«ስሙ ቢርቢርሳ ነው» ብለው የቀረበላቸውን አጥሚት ሳይቀምሱ ሄዱ።

በሩ ከመዘጋቱ እናቴ ጀመረች። እናቴ ገበያነሽ የሆሳዕና ልጅ ናት፤ እኔን ለማረስ መጥታ እኛ ጋ ከርማለች። እሷ ባደገችበት አካባቢ ሰው ከትልቅ ዛፍ ሥር ቅቤ ቀብቶ ይሳል ነበር። አያቴ ያንን ትቶ ጴንጤ ሲሆን ጎረቤት ሁሉ አኩርፎት እሳት እንኳ የሚያጭርለት ጠፍቶ ነበር ትላለች።

«እኛ ከዛፍ ሥር ወጥተን ነው ጌታን ያገኘነው» አለች። «አንቺ ደግሞ ልጅሽን መልሰሽ ዛፍ ልታደርጊው ነው?»

«እማዬ፣ እኔ ምን አደረግኩ? ስሙን ያወጡት እሳቸው ናቸው።»

«እምቢ በያቸዋ!»

«ምን ማለት እንደሆነ ሳላውቅ እንዴት ነው እምቢ የምለው?»

«እምቢ ለማለት ማወቅ አያስፈልግም» አለች እናቴ። ከልቧ ነው።

እኔ ግን እንደዚያ አልተፈጠርኩም። ትርጉሙን የማላውቀውን ነገር ተቀበይ ወይም ጣዪ ስባል ሰውነቴን ይበላኛል። ዩኒቨርሲቲ ኢኮኖሚክስ አንብቤ ያተረፍኩት ነገር ቢኖር «ለምን?» ብሎ መነዝነዝ ነው። ጊዜውም አጭር ነበር። እሑድ ልጁን እናቴ ወደምትሄድበት ቸርች ወስደን ልናስባርከው ቀጠሮ ይዘናል፤ ፓስተሩ ከፍ አድርጎ ይዞት ስሙን ለጉባኤው ይናገራል። አማቴ ደግሞ «ቅዳሜ መጥቼ የስሙን ነገር እጨርሳለሁ» ብለው ልከዋል። የሚጨረሰው ነገር ምን እንደሆነ ማንም አላወቀም።

መጀመሪያ ስልኬ ላይ ፈለግኩ። ያገኘሁት ስለ ደን፣ ስለ ጣውላ፣ ስለ ችግኝ ነው። ስለ ሰው ስም ያገኘሁት አንድ መስመር ብቻ፤ «ብርቅ የወንድ ስም፤ ጥንካሬን ያመለክታል» ይላል። በስም መዝገብ ዓለም ሁሉም የወንድ ስም ጥንካሬን ያመለክታል፤ አልረካሁም። ኢፋን ያዝኩት።

«ምን ማለት ነው?»

«ዛፍ ነዋ።»

«ዛፍ መሆኑን አውቃለሁ። ሰው ለምን ዛፍ ይባላል?»

«ሰው ለምን ፀሐይ ይባላል? አክስትሽ ፀሐይ አይደሉም?»

«አክስቴን ተዋቸው።»

«ቀጥ ያለ፣ የማይጎብጥ፣ ረጅም ማለት ነው። የአባቴ ታላቅ ወንድም ቢርቢርሳ ነበር። ረጅም ሰው ነበር።»

«ሲወለድ ረጅም ነበር?»

ኢፋ ስለ አጎቱ የሚያስታውሰው ብዙ አይደለም። ከአምቦ ወዲያ ካለው ገጠር በዓመት አንዴ ማር ይዞ ይመጣ ነበር፤ ወንበር ቢሰጡት እንኳ በሩ አጠገብ ነው የሚቀመጠው፤ እንደ እንግዳ። ኢፋ ልጅ ሳለ ሞቷል።

ለአማቴ ደወልኩ።

«አባባ፣ እንደምን አሉ? የስሙ ትርጉም ምንድነው?»

«ዛፍ ነው።»

«ከዛፍ ሌላስ?»

«ከዛፍ ሌላ የለውም። ኢፋን ስጪኝ።»

ኢፋ ስልኩን ይዞ ወደ ጓዳ ገባ፤ «እሺ አባ፣ እሺ አባ» ብቻ ነው የሰማሁት። ሲመለስ ፊቱ ትንሽ ጠቁሯል። ምን አሉህ ስለው «ልጁን ልጄ እያላችሁ አትጥሩት አሉኝ» አለኝ። ለምን ስለው አያውቅም። አባቱን ለምን ብሎ ጠይቆ የሚያውቅ ሰው አይደለም፤ እኔን ያገባው ያንን ጉድለት ለመሙላት ሳይሆን አይቀርም። ወዲያው አዴ ደጊቱን ጠይቂ አለኝ። የአባቱ እህት ናቸው፤ ጎፋ ኮንዶሚኒየም ይኖራሉ።

«አራስ እኮ ነሽ!» አለች እናቴ ጫማዬን ሳደርግ። «ብርድ ይመታሻል። ሰው ምን ይላል?»

«ሰው ብርድ መታት ይላል።»

ልጁን ጡት አጥብቼ ሰጠኋትና ወጣሁ።

መንገድ ዳር ችግኝ የሚሸጥ ሰው ጋ ቆምኩ። ዛፉን በዓይኔ አይቼው አላውቅም፤ ምናልባት ሳየው አንድ ነገር ይገለጥልኝ ይሆናል ብዬ ነው። ቅጠሉ ቀጭን፣ ጠንካራ፣ ጥቁር አረንጓዴ ነው። ክንዴን የሚያህል ግንድ ለማውጣት ስንት ጊዜ ይፈጃል ስለው፣ «እህቴ፣ ለሚቸኩል ሰው ግራቪሊያ አለልሽ» አለኝ። ምንም አልተገለጠልኝም። ታክሲ ያዝኩ።

አዴ ደጊቱ አራተኛ ፎቅ ላይ ናቸው። አሳንሰር የለም፤ የተሰፋ ገላዬን ይዤ በየደረጃው እየተሳደብኩ ወጣሁ። በሩን ራሳቸው ከፈቱልኝ። ቴሌቪዥኑ በአማርኛ የተመለሰ የቱርክ ድራማ እያሳየ ነው፤ እስከመጨረሻው አልዘጉትም፣ ድምፁን ብቻ ቀነሱት።

«አራስ ሆነሽ መጣሽ? አበድሽ ልጄ! ግቢ ልጄ፣ ተቀመጪ ልጄ። ምን ሆንሽ ልጄ?»

ሴትዮዋ «ልጄ» የማይሉት ሰው የለም። እዚህ ከተማ ሁሉም እንደዚያ ነው፤ ጥበቃው ልጄ ይልሻል፣ ሽንኩርት ሻጯ ልጄ ትልሻለች። በከተማው ውስጥ እንደሱ የረከሰ ቃል የለም። ያን ቀን ግን ጆሮዬ ላይ ቆየ።

የመጣሁበትን ነገርኳቸው። አዴ ደጊቱ ሳቁ። ከዚያ ሳቃቸውን አቆሙ።

«ቀጄላ አልነገረሽም?»

«ዛፍ ነው አሉኝ።»

«እውነቱን ነው፤ ዛፍ ነው። ግን ማንም ተነስቶ የሚያወጣው ስም አይደለም።» ድራማውን አንዴ አየት አደረጉና ወደኔ ዞሩ። «እናታችን ገለቴ ትባላለች። ከኛ በፊት የወለደቻቸው አልበረከቱላትም። አንዱ ጡት ሳይጥል፣ አንዱ መዳህ ሲጀምር፣ አንዱ እንዲያው በተወለደ ማግስት ሞቱባት። ከሞቱት አስከትላ ወንድ ልጅ ስትወልድ፣ ሽማግሌዎቹ ‹ሞት ያንቺን ቤት ለምዶታል፤ ያንቺ የሆነውን ሁሉ ያውቀዋል። እንግዲህ ያንቺ አይሁን› አሏት።»

«ምን ማለት ነው ያንቺ አይሁን?»

«ማለዳ ልጁን ይዛ ወጥታ ከቢርቢርሳው ሥር አስቀመጠችው። ዞር አለች። የሌላ ጎሳ ሴት እንዳጋጣሚ እንደምታልፍ ሆና መጣች። አነሳችው። ‹ይሄን ልጅ እዚህ ማን አስቀመጠው? የማን ነው?› አለች። እናታችን ‹እኔ አላውቅም፤ የቢርቢርሳው ነው› አለች። ሴትዮዋ ‹እንግዲያ ወስደሽ አጥቢልኝ› ብላ ሰጠቻት። እናታችን ልጇን እንደ ሌላ ሰው ልጅ ተቀብላ ወደ ቤት ገባች።»

ያኔ ነው አማቴ መኝታ ቤቴ በር ላይ ቆመው ያሉት የገባኝ። ቀልድ አልነበረም። እሳቸው ሥራ ጀምረው ነበር፤ እኛ ሳቅንባቸው።

«ከዚያ አበቃ?» አልኩ።

«የት ያበቃል! ከዚያ ነው የሚጀምረው። እናታችን እሱን ልጄ ብላ ጠርታው አታውቅም። እሱም እናቴ ብሎ አያውቅም። ከእሱ በኋላ የተወለድነው እኔና ቀጄላ ሃርሜ እንላት ነበር፣ እናቴ ማለት ነው። እሱ ገለቴ ነበር የሚላት። በስሟ። እንደ ጎረቤት። እኔ ልጅ ሆኜ በጣም የሚቀርበን የጎረቤት ልጅ ይመስለኝ ነበር፤ የሥጋ ወንድሜ መሆኑን ያወቅሁት ጡቴ ካጎጠጎጠ በኋላ ነው።»

«ሲያድግስ? ሰው ከሆነ በኋላ፣ ከዳነ በኋላስ?»

«ሞት ጡረታ ይወጣል እንዴ ልጄ? እንደዚያው ቀረ።»

ከዚያ ሳልጠይቃቸው እንዴት እንዳለቀ ነገሩኝ። እናታቸው ስትሞት ልጆቿ ከአስከሬኑ አጠገብ ቆመው ሲያለቅሱ፣ ቢርቢርሳ ከጎረቤቶቹ ጋር ራቅ ብሎ ቆሞ ነበር። ሙሾ አውራጇ የልጆቿን ስም ስትጠራ የእሱን አልጠራችም። ማንም ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ሥርዓቱ ነው። ሽማግሌ ሰው ነበር በዚያን ጊዜ፣ ፀጉሩ ሸብቷል። «ገለቴ፣ ገለቴ» እያለ አለቀሰ። አንድ የሩቅ ለቀስተኛ «ይሄ ሰውዬ ምኗ ነው እንዲህ የሚሆነው?» ብሎ አዴ ደጊቱን ጠየቃቸው።

«ምን አሉት?»

«ምን እላለሁ? ጎረቤት ነው አልኩት።»

ለጥቂት ጊዜ ሁለታችንም ድራማውን አየን። አንዲት ሴት ሌላዋን በጥፊ መታች።

«ቅዳሜ ሊያደርጉ ያሰቡት ይሄንኑ ነው?»

አዴ ደጊቱ እንደገና ሳቃቸው መጣ። «ወንድሜ እኮ ከተማ መግባቱን ረስቶታል። እኔ ዘመድ ስለሆንኩ ልጁን የማነሳው እኔ ልሆን አልችልም። ጎረቤቴን ሀኒፋን መጥቶ ለመናት! ‹አንድ ቤት ሄደሽ ህፃን ታነሺና የማን ነው ትያለሽ› አላት። ‹ወላሂ አባባ፣ ፖሊስ ነው የሚያነሳኝ› አለችው። ዛፍስ ከየት ታመጣለህ ስለው፣ ችግኝ ይበቃ ይሆን ብሎ ጠየቀኝ። ችግኝ!»

እኔም ሳቅኩ፤ ስፌቱ አመመኝ። ሳቁ ሲያልቅ አዴ ደጊቱ እጃቸውን ጉልበቴ ላይ አደረጉ።

«አትቀየሚው። ለምን እንደሆነ ታውቂያለሽ።»

አውቃለሁ። ካቻምና ሴት ልጅ ወልጄ ነበር። ያለጊዜዋ መጣች፤ አንድ ሌሊት ኖራ ሄደች። ስም አላወጣንላትም። ያን ጊዜ ሰው ሁሉ ሆስፒታል እየመጣ ላዬ ላይ ሲያለቅስ ኦቦ ቀጄላ ባርኔጣቸውን ይዘው ኮሪደሩ ላይ ቆመው ቆዩና ሳይናገሩ ሄዱ። ስሜት የሌላቸው ሰው ናቸው ብዬ ደምድሜ ነበር፤ እንዲያውም ደስ ብሎኝ ነበር፣ አንድ የማያስለቅሰኝ ሰው በመገኘቱ። ለካ ያኔ ሐዘኑን ይዘውት ነው የሄዱት። ለሚቀጥለው ልጅ ስም ሲያስቡ ነው የከረሙት።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ መጡ። ሀኒፋ የለችም። በጥቁር ፕላስቲክ የተተከለ፣ ክንድ የማይሞላ የዝግባ ችግኝ ይዘዋል። ሳሎኑ ውስጥ ከሶፋው አጠገብ አስቀመጡትና ተቀመጡ። ኢፋ ከአጠገባቸው፣ እናቴ ፊት ለፊት፣ እኔ ልጁን ታቅፌ በርጩማ ላይ። የሰማሁትን አስቀድሜ ለኢፋም ለእናቴም ነግሬያቸው ነበር። እናቴ አምልኮ አለመሆኑን ስትሰማ ትለሳለሳለች ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ።

«ይኸውልዎ ኦቦ ቀጄላ» አለች ገና ሳይረጋጉ፣ «ከሞት ጋር ድርድር አይደረግም። እሱማ ቅቤ ከመቀባት የባሰ ነው። ሞት ተሸንፏል፤ ተጽፏል።»

ኦቦ ቀጄላ በትህትና አዳመጧት። «እርስዎ ስንት ልጅ ቀበሩ?»

«ጌታ ይመስገን፣ አንድም።»

«እንግዲያ ያመስግኑት» አሉ።

እናቴ ነጠላዋን ማስተካከል ያዘች፤ እሳቸው ወደኔ ዞሩ።

«ደጊቱ ነግራሻለች።»

«ነግረውኛል፣ አባባ።»

«እንግዲያ ለምን እንደሆነ ገብቶሻል። ቀላል ነው። ልጁን እዚህ ታስቀምጫለሽ። ሰው እናገኛለን፣ የምታነሳው ሴት አትጠፋም። ከዚያ በኋላ ያሳደግሽው እንጂ የወለድሽው አይደለም። በሆድሽ የፈለግሽውን ሁኚ። በአፍሽ ብቻ።»

«እሱስ? እሱ ምን ይለኛል?»

«በስምሽ ይጠራሻል።»

ኢፋ ጉሮሮውን ጠረገ። «አባ፣ ስሙን ብቻ ብንወስድስ? ቢርቢርሳ ይባል፤ ሌላው ይቅር። እኔ ስሙን ወድጄዋለሁ።»

«ግማሽ መስጠት የለም» አሉ። «ልጄ እያላችሁ ቢርቢርሳ ብትሉት ስሙ እንጨት ነው። ምንም አይሠራም።»

እንዲህ ዓይነቱን መልስ አልጠበቅኩም ነበር። እኔም የኢፋን ሐሳብ ይዤ ነው የተቀመጥኩት፤ ስሙን ይዘን ሥርዓቱን እንተዋለን፣ ሁሉም ትንሽ ያኮርፋል፣ ያልቃል። እሳቸው ግን ከማንኛችንም በላይ ግልፅ ነበሩ።

«አባባ፣ እናትዎ ሲቀበሩ ቢርቢርሳ የት ቆሞ ነበር?»

ኢፋ በዓይኑ ተይ አለኝ። ኦቦ ቀጄላ እጃቸውን አዩ።

«ከጎረቤት ጋር።»

«ለእሱ ምን ይመስለው ነበር?»

«አልጠየቅኩትም።» ቀና አሉ። «ግን ኖረ። ሦስቱ ሞቱ፣ እሱ ኖረ። ከእሱ በኋላም እኔ ኖርኩ፣ ደጊቱ ኖረች። ሸብቶ ነው የሞተው። አንቺ የተማርሽ ነሽ፤ ለዚህ መልስ አለሽ?»

የነበረኝ መልስ የክፍል መልስ ነው። አንድ ልጅ በመኖሩ ምንም አይረጋገጥም፣ ሳይሰጥም ይኖር ነበር ይሆናል፣ ወዘተ። አፌ ላይ መጥቶ ተመለሰ። ምክንያቱም እሳቸው የጠየቁኝ ስለ ማስረጃ አልነበረም። ልጄ ቢሞትስ ነው ያሉኝ፤ ያኔ ይሄን ስም ባልገፋሁት ብትይስ? እሱን ጥያቄ ሌሊት ሌሊት ራሴም ስጠይቀው ነበር።

«መልስ የለኝም» አልኩ።

«ፈርተሻል?»

«ፈርቻለሁ።»

«እንግዲያ ስጪው።»

ልጁ ደረቴ ላይ ተኝቷል። ከንፈሩ ላላ ጠበቅ ይላል፣ በህልሙም ይጠባል። አንድ ቀን አፉን ሲፈታ ምን እንደሚለኝ አሰብኩ። ስሜን በስምነቱ አስቤው አላውቅም ነበር፤ ያን ጊዜ ከእሱ አፍ ሲወጣ ሰማሁትና ጠላሁት።

«አልሰጥም» አልኩ። «ልጄ ነው።»

ኦቦ ቀጄላ ቃሉን የሰማ ሌላ ሰው ካለ ብለው ይመስል ወደ መስኮቱ አዩ።

«ፈርተሽም ልጄ ትያለሽ?»

«ፈርቼም እላለሁ። እስከኖረ ድረስ የኔ ሆኖ ይኑር።»

የተቆጡ መስሎኝ ነበር፤ አልነበሩም። ሰው የማያውቀውን ዕቃ አገላብጦ እንደሚያይ ነው ያዩኝ።

«እንግዲያ ስሙን መልሺልኝ» አሉ። «ያ ስም ለሚደብቅ ሰው ነው የተሠራው። አንቺ አትደብቂም። የማይደብቅ ሰው ቤት ሲቀመጥ ስሙም ያፍራል።»

«መልሻለሁ፣ አባባ።»

«አባ፣ ታዲያ ማን እንበለው?» አለ ኢፋ። የሚያለቅስ መሰለ።

እናቴ አፏን ስትከፍት አየሁና ቀደምኳት፤ ያን ሁሉ ቀን የተጨቃጨቅንበት ነገር በአንድ ጊዜ ቅልል አለኝ።

«ሚሳኤል ይባል። ስም ነው። ልጄ ማለትን አይከለክለኝም።»

«ሃሌሉያ!» አለች እናቴ፤ ልጁ ነቅቶ ጮኸ።

«ሚሳኤል» አሉ ኦቦ ቀጄላ፤ ቃሉን አፋቸው ውስጥ አገላበጡት። ወደዱትም አልወደዱትም አልተናገሩም። ተነስተው ችግኙን ከሶፋው አጠገብ አነሱ። ኢፋ ሊቀበላቸው እጁን ሲዘረጋ ነፈጉት።

«እኔ የምተክልበት አላጣም» አሉ።

አፈሩ እንዳይፈስ በሁለት እጃቸው አቅፈውታል። በሩን በክርናቸው ከፈቱ፣ ወጡ፣ ከውጭ ሆነው በእግራቸው ገፍተው ዘጉት።